ጥላወርድ፦ ሰው ተሸክሞ የሚበር ግዙፍ ፍጥረት ክብደቱ፣ አነሳሱና ኮርቻው እንዴት ይሁን?

ብራናዬ

ሰላም ለሁላችሁ። ለረጅም ልብወለድ የሚሆን ምናባዊ ዓለም እየሠራሁ ነው። በዚያ ዓለም ሰዎች የሚጋልቡት «ጥላወርድ» የሚባል ግዙፍ በራሪ አለ። ስበቱም አየሩም እንደ ምድራችን ነው። አስማት የለም፤ ስለዚህ «ይበራል ብያለሁና ይበራል» ብዬ ማለፍ አልፈልግም።

እስካሁን የያዝኩት ይህን ነው። ክንፉ ላባ የለውም፤ ከፊት እግሩ አንድ ረጅም ጣት ተነስቶ እስከ ጭኑ የተወጠረ ስስ ቆዳ ነው። ከክንፍ ጫፍ እስከ ክንፍ ጫፍ 14 ሜትር ይሆናል። ክብደቱ 3 ቶን። ጎጆውን በ3,500 ሜትር ከፍታ ገደል ላይ ይሠራል። ጥሩር የለበሱ ሁለት ወታደሮች አንገቱ ሥር ተቀምጠው ይጋልቡታል። ከሜዳ ላይ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ ይነሳል፣ ቀኑን ሙሉም ክንፉን እያርገበገበ ይጓዛል።

ከዚህ ውስጥ የቱ ያስኬዳል? የማያስኬደውስ በምን ይተካ? ኮርቻው የት እንደሚቀመጥና ምን ያህል እንደሚበላም ብትነግሩኝ ደስ ይለኛል።

ሚዛን

ከሁሉ በፊት ክብደቱን ወስን፤ ሌላው ሁሉ የሚወጣው ከእሱ ነው። 3 ቶን በ14 ሜትር ክንፍ ውሃ አያነሳም። ምክንያቱን በቁጥር ላሳይህ።

ክንፉ በአማካይ 1.6 ሜትር ወርድ ቢኖረው ስፋቱ ወደ 22 ካሬ ሜትር ይመጣል። አንድ በራሪ ሳይወድቅ አየር ላይ ለመቆየት የሚያስፈልገው ዝቅተኛ ፍጥነት የሚሰላው እንዲህ ነው። ኪሎውን በ9.81 አባዛና በኒውተን ያለውን ክብደት አግኝ፤ ያንን በ2 አባዛ። የአየሩን እፍጋት፣ የክንፉን ስፋትና የክንፉን የማንሳት አቅም እርስ በርስ አባዛና ለውጤቱ አካፍል። ከዚያ ስኩዌር ሩቱን አውጣ፤ መልሱ በሴኮንድ ስንት ሜትር እንደሆነ ይነግርሃል። የአየር እፍጋት በባሕር ጠለል 1.225 ኪሎ በሜትር ኩብ ሲሆን በ3,500 ሜትር ወደ 0.86 ይወርዳል። ለማንሳት አቅሙ 1.6 ያዝ፤ ለተወጠረ ቆዳ በቂ ግምት ነው።

ያንተ 3 ቶን በዚህ ስሌት በባሕር ጠለል በሰዓት 133 ኪሎ ሜትር፣ ጎጆው ባለበት ከፍታ ደግሞ 158 ኪሎ ሜትር ካልበረረ ይወድቃል። በዚያ ፍጥነት ገደል ላይ የሚያርፍ እንስሳ እግሩንም ደረቱንም ይሰብራል። ለመነሳትም እዚያ ፍጥነት ላይ መድረስ አለበት።

ክብደቱን 400 ኪሎ አድርገው። በባሕር ጠለል 49፣ በ3,500 ሜትር 58 ኪሎ ሜትር በሰዓት ይበቃዋል። ይህ ሊታመን የሚችል ፍጥነት ነው።

400 ያልኩት በዘፈቀደ አይደለም። ከታወቁት በራሪዎች ሁሉ ትልቁ ኬትዛልኮአትለስ የሚባለው ቴሮሰር (በዳይኖሰሮች ዘመን የኖረ፣ የቆዳ ክንፍ ያለው በራሪ ተሳቢ እንስሳ) ነው፤ አጥንቱ እ.ኤ.አ. በ1971 ቴክሳስ ውስጥ ተገኘ። ክንፉ ከ10 እስከ 11 ሜትር፣ ክብደቱ ከ200 እስከ 250 ኪሎ እንደነበር ይገመታል። ቅርጹን ሳትለውጥ ርዝመቱን ወደ 14 ሜትር ብታሳድገው ክብደቱ በርዝመቱ ኩብ ስለሚያድግ 590 ኪሎ ገደማ ይደርሳል። እዚህ ላይ ነው ችግሩ፦ ርዝመት በእጥፍ ሲያድግ ክብደት 8 እጥፍ፣ የክንፍ ስፋት ግን 4 እጥፍ ብቻ ነው የሚሆነው። ለመብረር የሚያስፈልገው ጉልበት ጡንቻ ከሚሰጠው ጉልበት ፈጥኖ ያድጋል። ስለዚህ ጥላወርድን ከዚያ እንስሳ ይልቅ ቀጭን ማድረግ ይኖርብሃል። ኬትዛልኮአትለስ በጣም ረጅም አንገትና ግዙፍ ራስ ነበረው፤ አንተ አንገቱን አሳጥር፣ ራሱንም አሳንስ፤ ጥርስ የሌለውን መንቁሩን ግን እንዳለ ያዝ። ከ590 ወደ 400 የምትወርደው በዚህ መንገድ ነው።

3 ቶኑ የግድ ከሆነ፣ የክንፉ ስፋት ከ22 ወደ 165 ካሬ ሜትር ማደግ አለበት፤ ከጫፍ እስከ ጫፍ 38 ሜትር ማለት ነው። የቦይንግ 737-800 ክንፍ እንኳ 35.8 ሜትር ነው። ያንን የሚሸከም አጥንት ራሱ ስንት ሊመዝን እንደሚችል አስበው።

አጥንትና ጅማት

ሚዛን ያለው ትክክል ነው። እኔ አነሳሱ ላይ ልጨምር።

ቀጥ ብሎ ወደ ላይ መነሳት ለ400 ኪሎ እንስሳ አይሆንም፤ አየር ላይ ቆሞ ማርገብገብ የትናንሽ ወፎች ሥራ ነው። አልባትሮስ እንደሚባለው ትልቅ የባሕር ወፍ እየሮጠ ይነሳ ብትልም በ14 ሜትር ክንፍ መሮጥ አስቸጋሪ ነው፣ የተስተካከለ ሜዳም ይፈልጋል። የሚሻለው በአራት እግር መዝለል ነው። ወፍ የምትዘለው በኋላ እግሯ ብቻ ስለሆነ ለበረራ የማይጠቅማትን ከባድ የእግር ጡንቻ ትሸከማለች። የቆዳ ክንፍ ያለው እንስሳ ግን በታጠፈው ክንፉ ላይም ይቆማል፤ የሚበርበት ትልቁ ጡንቻ መዝለያውም ይሆናል። ደም መጣጭ የሌሊት ወፍ ዛሬም ከመሬት የሚነሳው በፊት እጆቹ እየገፋ ነው። ቴሮሰሮችም እንዲሁ ይነሱ ነበር የሚለው ሐሳብ በብዙ ተመራማሪዎች ዘንድ ተቀባይነት አለው።

ቅደም ተከተሉን እንዲህ ጻፈው። ጥላወርድ ፊቱን ወደ ነፋሱ ያዞራል። ክርኑንና ጉልበቱን አጥፎ ደረቱ መሬት ሊነካ እስኪቃረብ ዝቅ ይላል። መጀመሪያ የኋላ እግሮቹ ይገፋሉ፣ በቅጽበት የፊቶቹ ይከተላሉ። እጆቹ መሬት ከለቀቁ በኋላ ክንፉን ወደ ጎንና ወደ ላይ ይዘረጋል፤ የክንፉ ጣት የሚከፈተው በመጨረሻ ነው። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ሦስት ምቶች ግማሽ ናቸው፤ ሙሉ ምት ቢመታ ጫፉ መሬት ይነካና ጣቱ ይሰበራል።

ቁጥሩን ከፈለግህ፦ የሰውነቱን መካከል 2.5 ሜትር ለማንሳት መሬት ሲለቅ ፍጥነቱ በሴኮንድ 7 ሜትር መሆን አለበት። ያንን ፍጥነት በ1.2 ሜትር ግፊት ውስጥ ካገኘው እግሮቹ የክብደቱን 3 እጥፍ ያህል ይገፋሉ። ጠንካራ ነገር ነው፣ ግን ለሚዘል እንስሳ የማይቻል አይደለም። ክንፉን ለመዘርጋት ያለው ጊዜ ወደ 0.7 ሴኮንድ ነው፤ ካመለጠው ተመልሶ ይወድቃል። ሣሩ ረጅም ከሆነ ወይም ጭቃ ካለ ብዙ ጊዜ የሚከሽፈው እዚህ ላይ ነው፤ እጁ ይሰምጥና ግፊቱ ይጠፋል።

ከገደል መነሳት በጣም ይቀላል። 58 ኪሎ ሜትር በሰዓት ለመድረስ 13 ሜትር ነጻ ውድቀት ይበቃል፤ ክንፉ ውድቀቱን ወደ በረራ የሚያዞርበት ቦታ ሲጨመር ከ30 እስከ 40 ሜትር ጥልቀት ያለው ገደል ያስፈልገዋል። ጎጆው እንዲህ ያለ ቦታ መሆኑ የራሱ ምክንያት አለው።

ሲያርፍም ከላይ ወርዶ አይደለም። ከጎጆው ደፍ 15 ሜትር ያህል ዝቅ ብሎ ይመጣና ወደ ላይ ይታጠፋል። ፍጥነቱ ወደ ከፍታ ይለወጣል፤ ደፉ ጋ ሲደርስ የቀረውን በእግሩ ይቀበለዋል።

ቀኑን ሙሉ ማርገብገብ የሚለውን ተወው። ለእንዲህ ያለ ዝላይና ለመጀመሪያዎቹ ምቶች የሚሠራው ያለ ኦክስጅን የሚነድ ጡንቻ ነው፤ ከአንድ ወይም ከሁለት ደቂቃ በላይ አይዘልቅም። ከዚያ በኋላ ከመሬት የሚወጣ ሙቅ አየር ወይም ገደል መትቶ ሽቅብ የሚዞር ነፋስ ማግኘት አለበት። በ3,500 ሜትር ያለው ኦክስጅን የባሕር ጠለሉ 65 በመቶ ያህል ስለሆነ ዝላዩ ባይጎዳም ጡንቻው የሚያገግመው ቀስ ብሎ ነው። አንድ ዝላይ ከሸፈበት በኋላ ወዲያው ሁለተኛ እንዲሞክር አታድርገው።

ብራናዬ

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ብዙ ነገር ተከፈተልኝ። ክብደቱን 400 አደረግሁ። እንግዲህ ጋላቢውስ? ሁለት ሰው ይቻላል? ኮርቻውን አንገቱ ሥር ያደረግሁት ጋላቢው ፊት ለፊቱን እንዲያይ ብዬ ነበር።

ለጓሚት

ወንድሜ፣ አንድ ሰው ብቻ፣ እሱም ቀለል ያለ። 70 ኪሎ ሰው ከ15 ኪሎ ኮርቻና ዕቃ ጋር 85 ይሆናል፤ ጠቅላላው 485። በጎጆው ከፍታ ዝቅተኛው ፍጥነት ከ58 ወደ 64 ይወጣል። ይህ ይቻላል። ሁለት ባለ ጥሩር ሰዎች ግን ከ200 ኪሎ በላይ ናቸው፤ የእንስሳውን ክብደት ግማሽ ጨምረህበት ይዘላል ማለት አትችልም። የብረት ጥሩርን ትተህ ወፍራም የተደራረበ ጨርቅ አልብሰው፤ ከፍታ በ1,000 ሜትር በጨመረ ቁጥር ቅዝቃዜው በ6.5 ዲግሪ ገደማ ስለሚብስ ጨርቁ ለሁለቱም ይጠቅመዋል።

ቦታው ከክብደቱ የባሰ ጉዳይ ነው። አንገቱ ሥር ስትል ከሰውነቱ የክብደት መካከል 1.2 ሜትር ወደ ፊት ነው እንበል። 85 ኪሎ እዚያ ሲቀመጥ የጠቅላላው መካከል 21 ሴንቲ ሜትር ወደ ፊት ይሄዳል። ክንፉ በአማካይ 1.6 ሜትር ወርድ ስላለው ይህ የወርዱ 13 በመቶ ነው። እንስሳው አፍንጫው ወደ ታች ይደፋል፤ ለማስተካከል ክንፉን በረራውን ሙሉ ወደ ፊት አጥፎ መያዝ አለበት፣ ትከሻውም በአጭር ጊዜ ይዝላል። ኮርቻውን በሁለቱ ትከሻዎች መካከል፣ ከክብደቱ መካከል ከ40 ሴንቲ ሜትር ባልበለጠ ርቀት አስቀምጠው፤ ያኔ መዛነፉ 7 ሴንቲ ሜትር ብቻ ይሆናል። በትልልቅ ቴሮሰሮች እዚያ ቦታ ላይ የጀርባ አጥንቶቹ ተጋጥመው አንድ ግትር ሰሌዳ ሆነው ነበር፤ ለጥላወርድም ይህንኑ ብትሰጠው ኮርቻው የሚቆምበት ጠንካራ ቦታ ያገኛል።

ጠፍሩን እንደ ፈረስ በደረቱ ዙሪያ አታስረው። እንደ ወፍ የሚተነፍስ ከሆነ አየር የሚያስገባውና የሚያስወጣው የደረት አጥንቱን ወደ ታችና ወደ ላይ እያንቀሳቀሰ ነው። ደረቱን ያጠበቀ ጠፍር ትንፋሹን ያፍነዋል፣ ትልቁን የበረራ ጡንቻም ይፍቀዋል። ሁለት ጠፍር ከትከሻው ፊት ወርደው በአንገቱ ግርጌ ይገናኙ፤ ሁለት ደግሞ ከኋላ፣ ከክንፉ ቆዳ ማያያዣ በላይ፣ በወገቡ ዙሪያ ይለፉ። ከጠፍሩ በታች የተነቀለ ፀጉር ወይም የላላ ቆዳ ካለ በዚያ ቀን አይበረርም።

ጋላቢው ቀጥ ብሎ አይቀመጥ። አጥንትና ጅማት በነገረህ ዝላይ ጊዜ ሰውየው የክብደቱን 3 እጥፍ ይሆናል፤ 70 ኪሎው 210 ሆኖ ይጫነዋል። ቀና ብሎ የተቀመጠ ሰው ራሱ ወደ ፊት ተወርውሮ አንገቱን ይጎዳል። በደረቱ ተኝቶ፣ አገጩን ትራስ ላይ አድርጎ፣ እግሩን ወደ ኋላ ዘርግቶ ይነሳ። ነፋሱም በዚህ አቀማመጥ ብዙ አያገኘውም። ፊት ለፊት ማየት የፈለግህለትን አንገቱን በማሳጠርህ አግኝተሃል፤ ራሱ ዝቅ ሲል ጋላቢው ከላይ ያያል።

ሚዛን

ለጦርነት ትዕይንት የሚጠቅም አንድ ነገር፦ አይጠማዘዝም። ጋላቢ ይዞ በሴኮንድ 18 ሜትር እየበረረ፣ 30 ዲግሪ አዘንብሎ ሲዞር የክቡ ራዲየስ 57 ሜትር ነው፤ ዙሪያውን ለመዞር 115 ሜትር ስፋት ይፈልጋል። በጠባብ ሸለቆና በከተማ ቅጥሮች መካከል ሊዋጋ አይችልም። ዓይንና መልእክተኛ አድርገው፤ ከላይ አይቶ ለሚዘግብ ጦር ዋጋው ትልቅ ነው። ክንፉን ዘርግቶ ሲንሳፈፍ ለእያንዳንዱ 1 ሜትር ዝቅታ 15 ሜትር ወደ ፊት ከሄደ፣ 1,000 ሜትር ከፍታ 15 ኪሎ ሜትር መንገድ ይሰጠዋል። ከዚያ ሌላ ሙቅ አየር ይፈልጋል። ስለዚህ ጉዞው ፀሐይ መሬቱን ካሞቀችበት ረፋድ እስከ አመሻሽ ነው፤ ሌሊትና ዝናብ መሬት ያስቀሩታል። ጎህ ሲቀድ መብረር የሚችለው ነፋስ በሚመታው ገደል አጠገብ ብቻ ነው።

የመንጋ ጠባቂ

ስለ ምግቡ እኔ ልመልስ፤ ብዙ ጸሐፊ የሚዘለው ይህ ነው፣ ግን የአገሩን አኗኗር የሚወስነው እሱ ነው።

እንስሳ ምንም ሳይሠራ በቀን የሚያወጣው ኃይል በግምት የክብደቱ ኪሎ በ0.75 አርቢ (ፓወር) ከፍ ተደርጎ በ70 ሲባዛ የሚገኘው ኪሎ ካሎሪ ነው። ለ400 ኪሎ ወደ 6,260 ኪሎ ካሎሪ ይሆናል። በሚበርበት ቀን በ3 አባዛው፤ 18,800 ገደማ። ስብ የሌለው ሥጋ በኪሎ ወደ 1,500 ኪሎ ካሎሪ ስላለው በቀን 12 ተኩል ኪሎ ሥጋ ይበላል ማለት ነው። የዕረፍት ቀናትን ቀንሰህ በአማካይ 12 ኪሎ ብትይዝ በዓመት 4,380 ኪሎ ነው። ከአንድ በግ 20 ኪሎ የሚበላ ሥጋ ከተገኘ 219 በግ። መንጋው ሳይመናመን በዓመት ሩቡን ትንሽ ያለፈ ብቻ የሚታረድ ከሆነ አንድ ጥላወርድ ከኋላው 800 ያህል በግ ይዞ ይሄዳል። 30 ጥላወርድ ያለው ንጉሥ 24,000 በግና ያንን የሚያሰማራበት ግጦሽ አለው። ከማን ወሰደው፣ እረኞቹስ ምን ይላሉ? ታሪክህ ውስጥ ይህን ብታስገባ አገሩ ሥጋና ደም ይለብሳል።

አመጋገቡ ላይ ጥንቃቄ አድርግ። 40 ኪሎ በአንድ ጊዜ የበላ ጥላወርድ 10 በመቶ ከብዷል፤ ጋላቢ ተጭኖበት መዝለል አይችልም። የሚመገበው ከመጨረሻው በረራ በኋላ፣ ማታ ነው። ጠላት ድንገት ቢደርስበት የበላውን ተፍቶ ይነሳል፤ ጥንብ አንሶች ሲደነግጡ የሚያደርጉት ነው። ጋላቢዎች ይህን ስለሚያውቁ ጠግቦ የተፋን እንስሳ በማግስቱ ሳያበሉት አያስነሱትም። ሥጋ ብቻ አይበቃውም፤ የተሰባበረ አጥንትም ይሰጠው። ካልሲየም ያነሰው ጫጩት አጥንቱ ይለሰልሳል፣ የክንፉ ጣት ይጎብጣል። የጎበጠ ጣት ደግሞ ቆዳውን እኩል አይወጥርም፤ ያ እንስሳ ዕድሜውን ሁሉ ወደ አንድ ጎን እየሳበ ይበራል።

ብራናዬ

እህቴ ለጓሚት፣ ኮርቻውን እንዳልሽው አድርጌ ልቀይረው ነው። የበጉ ስሌት ደግሞ አንድ ሙሉ ምዕራፍ ሰጠኝ። የመጨረሻ ጥያቄ፦ ቀስት ክንፉን ቢበሳው ይወድቃል? ጠላት የት ቢመታው ነው የሚጎዳው?

አጥንትና ጅማት

አንድ የቀስት ቀዳዳ አይጥለውም። በቆዳው ውስጥ ከፊት ወደ ኋላ የሚሄዱ ጠንካራ ክሮች አሉ በል፤ ቴሮሰሮች እንዲህ ዓይነት ክር ነበራቸው። ቅዳጁ ክር ሲያገኝ ይቆማል። የሌሊት ወፍ የተበሳ ክንፍ በሳምንታት ውስጥ እንደሚድን ይታወቃል፤ ለጥላወርድም መጠኑን አይተህ ከዚያ ረዘም ያለ ጊዜ ስጠው።

የሚያሰጋው የቅዳጁ ቦታ ነው። በመካከል ያለ ቀዳዳ ጥቂት ማንሳት ይቀንሳል እንጂ በረራ አያስቀርም። የኋላው ጠርዝ ከተተለተለ ግን ቆዳው ውጥረቱን ያጣና እንደ ላላ ሸራ ይርገበገባል፤ በእያንዳንዱ ምት ቅዳጁ ይረዝማል። ጋላቢው ይህን የሚያውቀው በድምፅ ነው፤ ጠርዙ ሲርገበገብ የሚሰማው ተደጋጋሚ ጥፊ የመሰለ ድምፅ ከመጣ ወዲያው ማረፊያ መፈለግ አለበት። መሬት ላይ ሲደርስ ጠርዙን በስስ አንጀት ክር፣ ከቅዳጁ መነሻ ሁለት ጣት ያህል አልፎ ጀምሮ ይሰፋዋል። ክሩን አጥብቆ መሳብ አይገባም፤ የተጨማደደ ስፌት ከጎኑ አዲስ ቅዳጅ ያስነሳል።

አጥንቱ ነው ደካማ ጎኑ። ውስጡ ክፍት፣ ግድግዳው ቀጭን፣ ዙሪያው ሰፊ ቱቦ ነው። ይህ ቅርጽ መታጠፍንና መጠምዘዝን በደንብ ይቋቋማል፤ ከጎን የሚመጣ ጠባብ ምት ግን ግድግዳውን ወደ ውስጥ ይሰረጉደዋል፣ ከዚያ ቱቦው በራሱ ጭነት ይታጠፋል። ስለዚህ ከቀስት ይልቅ የወንጭፍ ድንጋይ ይበልጥ ይፈራል። ጠላት የሚያነጣጥረው መሬት ላይ ቆሞ ሳለ ክርኑንና የክንፉ ጣት የሚነሳበትን መገጣጠሚያ ነው፤ እዚያ የተሰነጠቀ አጥንት ቆሞ ሲሄድ ላይታይ ይችላል፣ በሚቀጥለው ዝላይ የክብደቱ 3 እጥፍ ሲያርፍበት ግን ይሰበራል። ጠባቂዎች ከእያንዳንዱ በረራ በፊት ሁለቱን ክርኖች በመዳፋቸው ይዳስሳሉ፤ አንዱ ከሌላው የሞቀ ከሆነ ኮርቻ አይጫንም።